የመቶ አርባ ሦስት ሰዎች እሺታ

ከፖርት ሱዳን ወደ አዲስ አበባ የሚሄዱ መንገደኞች ከበረራው አንድ ሰዓት አስቀድመው ማረጋጊያ ክፍል ይገባሉ። ልቡ በደቂቃ ከዘጠና በላይ የሚመታ ሰው አይሳፈርም፤ ዝቅ እስኪልለት ድረስ ሰማያዊው ምንጣፍ ላይ ከተደረደሩት ወንበሮች አንዱ ላይ ተቀምጦ ይጠብቃል። የለመዱት ጫማቸውን አውልቀው ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። ያልለመዱት በሩን በሩን ያያሉ፤ በሩን ባዩ ቁጥር ልባቸው ይፈጥናል፤ ልባቸው በፈጠነ ቁጥር በሩ ሳይከፈትላቸው ይቆያል። በየሳምንቱ ሁለት ሦስት ሰው በረራው ያመልጠዋል። ማንም ቅሬታ አያቀርብም፤ ቅሬታ ልብ ያፈጥናል።

የዚያን ዓርብ ጠዋት የሶልያና ልብ ዘጠና ስምንት ይመታ ነበር።

ሶልያና ሃምሳ አራት ዓመቷ ነው። የባሕር ውሃ በሚያጣራ ፋብሪካ ውስጥ ሃያ ሁለት ዓመት ሠርታለች። ሥራዋ መለኪያዎቹን መለካት ነው፦ የጨው መለኪያው፣ የግፊት መለኪያው፣ የሙቀት መለኪያው እውነቱን መናገሩን በየዕለቱ ታረጋግጣለች። እንዲህ ያለ ሥራ የለመደ ሰው ልቡንም እንደ አንድ መሣሪያ ማየት ያውቅበታል። ከአንድ ሺህ እየቀነሰች በሰባት በሰባት ወደ ኋላ ቆጠረች። ስድስት መቶ ሃያ ሁለት ላይ ስትደርስ በሩ ተከፈተላት።

ያስጨነቃት በረራው አልነበረም። ታናሽ እኅቷ ሄመን አዲስ አበባ ሆስፒታል ከተኛች አርባ አንድ ቀን ሆኗታል። የታመመው መቅኔዋ በመድኃኒት እንዲጠፋ ተደርጓል፤ በላብራቶሪ የበቀለላት ምትክ ደግሞ አልያዘላትም። የቀረው የሶልያና መቅኔ ነው። ሐኪሙ ትናንት ማታ ደውሎ በማያሻማ ቋንቋ ነግሯታል፦ ዓርብ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት በፊት ካልገባላት፣ ከዚያ በኋላ ቢገባም የሚቀበለው ሰውነት አይኖርም።

ሶልያና ሰዓቱን አስልታዋለች። አውሮፕላኑ አምስት ሰዓት ከአሥር ላይ ያርፋል። ስድስት ተኩል ላይ ሆስፒታል ትደርሳለች። መቅኔውን ከእርሷ መውሰድ አራት ሰዓት ይፈጃል፤ ማዘጋጀቱ ሁለት ሰዓት። አንድ ሰዓት ተኩል ይተርፋል። አንድ ሰዓት ተኩል ብዙ ነው ብላ ለራሷ ነግራዋለች።

አውሮፕላኑ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ከአሥር ላይ ተነሣ። ድሮ አብራሪዎች ይቀመጡበት በነበረው ቦታ ላይ አሁን ሰፊ መስኮትና የሕፃናት መጫወቻ ምንጣፍ አለ። ከምንጣፉ በላይ የበረራውን ነገር የሚያሳይ ማሳያ ተሰቅሏል።

ከጎኗ የተቀመጡት ሽማግሌ ሰባ ዓመት የዘለላቸው፣ ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ ያኖሩ፣ ፊታቸው ፀሐይ የበዛበት ሰው ናቸው። ያፌት እባላለሁ አሏት። ከሻንጣቸው በማር የተጋገረ ሰሊጥ አውጥተው ግማሹን ሰጧት።

«የት ነው የምትወርጂው ልጄ?»

«አዲስ አበባ ነዋ ጋሼ። ሌላ የት ያቆማል?»

«እንዲያው ለወሬ ያህል ነው» አሉና ሳቁ።

ሦስት ሰዓት ከሃምሳ ላይ ከልዩ ልዩ ወንበሮች ሠላሳ ስምንት ሰዎች በአንድ ጊዜ ተነሡ። ሴቶች ይበዛሉ፤ አብዛኞቹም ጸጉራቸው የሸበተ ነው። ጋሽ ያፌት ሶልያናን ይቅርታ ጠይቀው አለፏትና መተላለፊያው መካከል ቆሙ።

«ጤና ይስጥልኝ ወገኖቼ። አትደንግጡ። ከደነገጣችሁ ለእኛም ለእናንተም አይበጅም። እኛ የጓንግ ማዶ ሰዎች ነን። ይህን አውሮፕላን ልንጠልፈው ነው፤ በእናንተ ፈቃድ።»

ከኋላ አንድ ጎልማሳ ድምፁን ከፍ አደረገ። «በእኛ ፈቃድ ከሆነ ምኑን ጠለፋችሁት?»

«ልክ ነህ ልጄ። ነገ ሰው ሁሉ እንዲያ ብሎ ስለሚጠራው ቃሉን ቀድሜ ልበለው ብዬ ነው።»

ጥቂት ሰዎች ሳቁ። ሶልያና አልሳቀችም። ሕጉን ታውቀዋለች፤ ሁሉም ያውቀዋል። ከመጨረሻው የመሣሪያ ጠለፋ በኋላ፣ የዛሬ ሃያ ስድስት ዓመት፣ ማንም ሽጉጥ ደግኖ የሚያስገድደው ሰው እንዳይኖር አብራሪዎች ከአውሮፕላን ወጡ። መንገድ የመቀየር ሥልጣን ለመንገደኞቹ ተሰጠ፤ ለሁሉም በአንድነት እንጂ ለማንም ለብቻው አይደለም። በየወንበሩ የቀኝ ክንድ ላይ መዳፍ የሚያህል ሰሌዳ አለ። መንገዱ እንዲቀየር የተስማማ ሰው እጁን ያሳርፍበታል። የሁሉም እጅ ካልተቆጠረ መንገዱ አይቀየርም። ሰሌዳው የእጁን ምት ይሰማል፤ ከተረጋጋ ሰው እሺታን ተቀብሎ አረንጓዴ ያበራል፤ የፈራን፣ የተጨነቀን፣ የተገደደን እጅ አይቆጥርም፣ ቀይ ያበራል። አንድ ሰው ድምፁን አውጥቶ «እንቢ» ካለ ደግሞ ጥያቄው ለዚያ በረራ ይዘጋል። ስለዚህ ለዚህ ሥራ መሣሪያ አይጠቅምም፤ ስድብም አይጠቅምም። የቀረው መለመን ነው።

ጋሽ ያፌትም ለመኑ።

ጓንግ ማዶ የሰሊጥ አገር ናት። ማረፊያ ሜዳ አላት፤ ሦስት ዓመት ሙሉ ግን የመንገደኛ አውሮፕላን አላረፈባትም። ሦስት ዓመት ያልታረፈበት ቦታ ሕያው ቦታዎች ከሚመዘገቡበት መዝገብ ይወጣል። መዝገቡ የሚዘጋው ዛሬ ነው። አሥራ አንድ ጊዜ ጽፈዋል፤ አሥራ አንድ ጊዜም ደብዳቤያችሁ ደርሶናል የሚል መልስ አግኝተዋል።

«ከመዝገብ መውጣት ማለት ምን እንደሆነ ቆርጤ የምትባለውን ከተማ ያየ ያውቃል» አሉ። «ጎረቤታችን ነበረች። አምና ወጣች። መድኃኒት የሚያመጡት ድሮኖች አቆሙ፤ እሱስ ይሁን። የጭነት መኪኖቹ ግን ሰው እንደማይነዳቸው ታውቃላችሁ። በመዝገቡ ላይ የሌለ ከተማ አይታያቸውም። ሜዳ ነው ብለው፣ ፍጥነታቸውን ሳይቀንሱ፣ መሀል ገበያውን ያልፋሉ። እስካሁን አሥራ ዘጠኝ ሰው ቀብረናል።»

ወደ ኋላኛዎቹ ወንበሮች ዞሩ።

«የምንለምናችሁ አንዲት ሌሊት ነው። አውሮፕላኑ እኛ ዘንድ ያርፋል፤ በደንቡ መሠረት ተፈትሾ ነገ ጠዋት ይነሣል። ቤታችን ቤታችሁ ነው። በጉ ታርዷል።»

«ሳታስፈቅዱን አረዳችሁት?» አለ ያው ጎልማሳ።

«ባትመጡም እንበላዋለን ብለን ነው።»

በዚህ ጊዜ ሳቁ በዛ። ሠላሳ ስምንቱ ወደየወንበራቸው ተመልሰው እጃቸውን አሳረፉ። ማሳያው ሠላሳ ስምንት አለ። ከዚያ አርባ አራት። ስድሳ አንድ።

ሶልያና ቁጥሩን እያየች ተቀመጠች። ሰው የሚያየው የራሱን ሰሌዳ ብቻ አይደለም፤ የጎረቤቱንም ያያል። ባል ሚስቱን ያያል። እጁን ጭኑ ላይ ያኖረ ሰው ግራ ቀኙ አረንጓዴ ሲሆን ጉሮሮውን ይጠርጋል፣ መስኮቱን ያያል፣ በመጨረሻም እጁን እንደ ዋዛ ያሳርፋል። ያስገደደው ሰው የለም። ሰሌዳውም ይህንኑ ያረጋግጣል፦ እሺ ካለ በኋላ ሁሉም ሰው ቀለል ይለዋል፤ ልቡም ይረጋጋል።

መቶ አራት። መቶ ሃያ ዘጠኝ።

ጎልማሳው ናታን የሚባል ነጋዴ ነው። «እኔ ነገ ልጄን እድራለሁ!» ብሎ ተነሥቶ ቆመ። «ሠርግ ነው የምላችሁ!»

ከሠላሳ ስምንቱ አንዷ፣ ወይዘሮ ቢታንያ የሚባሉ፣ ድምፃቸው የጎረነነ ሴትዮ ወደ እሱ ዘወር አሉ። «ስንት ሰዓት ላይ ነው?»

«ምሳ ላይ።»

«እኛ ደግሞ ጠዋት እንሸኝሃለን። ስሟ ማነው?»

«አርሴማ።»

ሠላሳ ስምንቱ ለአርሴማ እልል አሉላት። ልጆች አጨበጨቡ። ናታን ፊቱን ለማኮሳተር ሞከረ፤ አልቻለም። «እናንተ ሰዎች ግን…» አለና ተቀምጦ እጁን አሳረፈ።

መቶ አርባ ሁለት።

ሰሌዳው ግራጫ ሆኖ የቀረው የሶልያና ብቻ ነበር። ጋሽ ያፌት መጥተው ከጎኗ ተቀመጡ።

«ልጄ፣ ያንቺ ብቻ ቀረ።»

«አልችልም ጋሼ።»

«ምነው?»

ነገረቻቸው። ባጭሩ፣ በቁጥር፣ ለሥራ ባልደረባዋ እንደምታስረዳ አድርጋ ነገረቻቸው፦ መቅኔው፣ አራቱ ሰዓት፣ ሁለቱ ሰዓት፣ የምሽቱ ሁለት ሰዓት። ጋሽ ያፌት እያዳመጡ ባርኔጣቸውን ሁለት ጊዜ አዞሩት። ከኋላ የተቀመጡት ሰምተው ለሌሎች አስተላለፉ። ወሬው እስከ ኋላኛው ወንበር ሲደርስ ይሰማ ነበር።

«እውነቷን ነው?»

«ሰው በእኅቱ ይዋሻል እንዴ!»

«ታዲያ ለምን እንቢ አትልም?»

ጥያቄው ትክክል ነበር። አንዲት ቃል ናት። ሶልያና ቃሉን አፏ ውስጥ ይዛዋለች። ነገር ግን መቶ አርባ ሁለት ሰው እሺ ብሏል፤ ሰሊጣቸውን በልታለች፤ አሥራ ዘጠኝ ሰው ተቀብሯል። ፊት ለፊት የተቀመጠች አንዲት አሮጊት ዞራ ታያታለች፤ በቁጣ አይደለም፣ ይቅርታ በሚጠይቅ ዓይን ነው። ሶልያና የሚያያትን ዓይን ሁሉ ስታይ ቃሉ አልወጣ አላት። ከዚያ ይልቅ የተሻለ መስሎ የታያት ነገር ነበር። ልቧ ከመቶ በላይ እየመታ ነው፤ ይሰማታል። ሰሌዳው እንደማይቀበላት ታውቃለች። እጇን ብታሳርፍ እንቢ ያለችው እሷ አትሆንም፤ ሰሌዳው ይሆናል።

«እሺ» አለችና እጇን አሳረፈች።

ቀይ።

«ይኸው። እኔ እሺ ብያለሁ። እሱ ነው ያልተቀበለኝ።»

ጋሽ ያፌት ሰሌዳውን አዩ፤ ቀጥሎም እሷን አዩ። በፊታቸው ላይ የታየው ምስጋና ነበር። ሶልያና ምን እንዳደረገች የገባት ያን ጊዜ ነው። እንቢ ብትል ነገሩ ያልቅ ነበር። እሺ ብላለች፤ አሁን የቀረው እሷን ማረጋጋት ነው።

ወይዘሮ ቢታንያ መጥተው መተላለፊያው ላይ ቁጢጥ አሉ። ቀኝ እጇን ከሰሌዳው ሳያነሡ ጣቶቿን አንድ በአንድ ያሹላት ጀመር። አንድ ሰው ውሃ አመጣ። አንዲት ሴት በመጽሔት አራገበችላት። ናታን ከኋላ «ጠበብ አታድርጉባት፣ አየር ትፈልጋለች» ብሎ ሰዎቹን ገፋ። የሚያለቅስ ሕፃን ወደ ኋላ ተወሰደ። በሕይወቷ ይህን ያህል ሰው ለልቧ ምት ተጨንቆላት አያውቅም።

«አይዞሽ የኔ እመቤት» አሉ ወይዘሮ ቢታንያ። «የማስገድድሽ እንዳይመስልሽ። ብፈልግም አይቻልም።»

ቀይ።

«የልጅ ልጄን ቆርጤ ላይ ነው ያጣሁት። ይህን የምልሽ እንዲጨንቅሽ አይደለም።»

ቀይ።

ማሳያው መታጠፊያው አራት ሰዓት ከሃያ አምስት ላይ መሆኑን አሳየ። ከዚያ በኋላ ጓንግ ማዶ ወደ ኋላ ትቀራለች፤ የአውሮፕላኑ ኃይልም ለመመለስ አይበቃም። አራት ሰዓት ከአሥራ ሁለት ሆኗል። አሥራ ሦስት ደቂቃ መታገሥ በቂ ነው፣ አለች ሶልያና በልቧ። በፍርሃቴ ብቻ አሥራ ሦስት ደቂቃ አልፋለሁ።

«እንዲህ ከሚያስጨንቃት ለእኅቷ ትደውል» አሉ ወይዘሮ ቢታንያ። «ምናለበት? ድምጿን ትስማ።»

እንቢ የሚባል ነገር አልነበረም። እኅቷን መስማት የሚጠላ ማን ነው? ሶልያና ደወለች። ሄመን በሁለተኛው ጥሪ አነሣች።

«ሶሊ! የት ደረስሽ?»

«አየር ላይ ነኝ። ሄሚ… አውሮፕላኑ ሊዘገይ ነው መሰለኝ።»

«ምን ያህል?»

ነገሩ በእጇ መሆኑን ለመናገር አሰበች። እኔ እሺ ካላልኩ አይዘገይም ለማለት አሰበች። ነገር ግን የታመመ ሰው እንዲህ ያለ ምርጫ አይሸከምም፤ ደግሞም ወይዘሮ ቢታንያ ጣቶቿን ይዘዋል፣ ጋሽ ያፌት ይሰማሉ።

«ምናልባት እስከ ነገ ጠዋት።»

ሄመን እስክትመልስ ሶልያና አራት ሰከንድ ቆጠረች።

«ውይ! እሱ ነው እንዲህ ያስጨነቀሽ? እኔ ደግሞ ምን ሆነች ብዬ። ዶክተሩ አሁን ገብቶ ነበር፤ እስከ እሑድ ችግር የለውም ብሎኛል።»

«ትናንት ለእኔ ሌላ ነው የነገረኝ።»

«ትናንትና ዛሬ አንድ ነው እንዴ? ደሜ ተሻሽሏል አሉ።»

«ትኩሳትሽስ?»

«ሠላሳ ሰባት።»

«በላሽ?»

«ሾርባ ጠጣሁ። ጨው የሚባል አልነካውም። ከዚያ ባሕርሽ በብልቃጥ ይዘሽልኝ ብትመጪ ምን ነበር?»

ሶልያና ሳቀች። ሳታስበው ነው የሳቀችው፤ ከአርባ አንድ ቀን ወዲህ የመጀመሪያዋ ነበር። ትከሻዋ ወረደ። የያዘችው ትንፋሽ ወጣ።

«አይዞሽ ሶሊ። እኔ የትም አልሄድም። ቀስ ብለሽ ነይ።»

ሰሌዳው አረንጓዴ ሆነ።

ደወል የመሰለ ለስላሳ ድምፅ ተሰማ። ከዚያ የአውሮፕላኑ ድምፅ፣ ሁልጊዜ እንግዳ እንደሚቀበል ሰው የሚናገረው፣ «የመቶ አርባ ሦስት መንገደኞች ስምምነት ተሟልቷል። አቅጣጫ ቀይረናል። እናመሰግናለን» አለ። የቀኝ ክንፉ ዝቅ አለ። ሠላሳ ስምንቱ ተነሥተው ተቃቀፉ። አሮጊቷ ዞራ የሶልያናን ጉልበት ሳመች። ሶልያና ራሷም ፈገግ እንዳለች ነበረች፤ እስከ እሑድ ጊዜ አለ።

ሠላሳ ሰባት።

ቁጥሩ ወደ አእምሮዋ የተመለሰው አውሮፕላኑ ቀጥ ካለ በኋላ ነው። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ሠራተኞች ሳይለኩ የጻፏቸውን ቁጥሮች ስትለይ ኖራለች። ያልተለካ ቁጥር ሁልጊዜ ድፍን ነው። የሄመን ክፍል መሣሪያ በየአሥር ደቂቃው ያነባል፤ ሄመንም በደወለች ቁጥር ንባቡን እስከ ነጥቡ ድረስ ትነግራታለች፦ ሠላሳ ሰባት ነጥብ ሦስት፣ ሠላሳ ስምንት ነጥብ አንድ። ሠላሳ ሰባት ብላ አታውቅም። ሠላሳ ሰባት የጤነኛ ሰው ትኩሳት ነው፤ ከመጽሐፍ የሚገኝ።

አራቱ ሰከንድም ትዝ አሏት።

ወደ ሆስፒታሉ ደወለች። የክፍሉ ነርስ አነሣች።

«እኅቷ ነኝ። አሁን ትኩሳቷ ስንት ነው?»

«ሠላሳ ዘጠኝ ነጥብ ስድስት። የት ደረስሽ? ስልኩን ከዘጋች ጀምሮ እያለቀሰች ነው፤ ምን ብለሻት ነው?»

«ዶክተሩ እስከ እሑድ ጊዜ አለ ብሏት ነበር?»

«እሑድ ያላት ሰው የለም። እስከ ምሽቱ ሁለት ሰዓት ነው፤ እሱ አልተለወጠም። መንገድ ላይ ላለ ሰው እንዲህ ያለ ነገር አይነገርም ብላ ይሆናል። እኔም ብሆን አልነግርሽም ነበር፤ ስትጠይቂኝ ነው እንጂ።»

ሶልያና ስልኩን ዘጋች። ስምንት ሰዓት ላይ ሆስፒታል መገኘት አለባት፤ ከዚያ ካለፈ ስድስቱ ሰዓት አይሞላም። ከጓንግ ማዶ አዲስ አበባ በመኪና አሥራ አንድ ሰዓት ይፈጃል። ጎንደር ድረስ በመኪና፣ ከዚያ በሌላ አውሮፕላን ብትል ከአሥር ሰዓት በፊት አትደርስም። በሁሉም በኩል አሰላችው። በየትኛውም በኩል አልወጣም።

«እንቢ!» አለች ጮክ ብላ።

«ውሳኔው ጸድቋል» አለ የአውሮፕላኑ ድምፅ። «እስከ ማረፊያችን ድረስ በሁሉም መንገደኞች ስምምነት ሊቀለበስ ይችላል።»

ሰዎቹ ዞሩ። ጋሽ ያፌት ፊቷን አይተው መጡ።

«ምን ተፈጠረ?»

«ዋሽታኝ ነው። እንዳልጨነቅ ብላ። ዛሬ ነው ጋሼ፤ እሑድ የሚባል ነገር የለም። እኔም ዋሸኋት። በእጄ መሆኑን አልነገርኳትም።»

ጋሽ ያፌት ቀና ብለው ቆሙ። ከመስኮቱ ውጭ የታጨደ የሰሊጥ ማሳ ይታያል፤ ነዶው በየረድፉ ቆሟል። የማሳው ባለቤት ማን እንደሆነ ሳያውቁት አይቀሩም።

«ወገኖቼ» አሉ በመጨረሻ። «እንመልሰው።»

«ጋሼ!» አለ ከሠላሳ ስምንቱ አንዱ። «ከተማውስ? ደርሰናል እኮ!»

«አውቃለሁ።»

«ዛሬ ነው የሚዘጋው!»

«የሷም ዛሬ ነው። የሰው እኅት ገድለን ባስመዘገብነው ከተማ አንተ ትኖራለህ? እኔ አልኖርም። እጃችሁን አሳርፉ።»

ሰውየው ወደ ወንበሩ ተመለሰ። ወይዘሮ ቢታንያ አንድም ቃል ሳይናገሩ ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው እጃቸውን አሳረፉ። ሌሎቹም ተከተሏቸው። ናታን ከሁሉም ቀድሞ አረንጓዴ ሆነ። ማሳያው ሃያ አለ፤ ሃምሳ ሦስት፤ ሰማንያ ስምንት። ሶልያና ቆማ ቁጥሩን ታያለች። መቶ አንድ። መቶ አራት።

መቶ አራት ላይ ቆመ።

አውሮፕላኑ ዝቅ ብሏል። ማረፊያ ሜዳው ታየ። የጓንግ ማዶ ሰው በሙሉ ወጥቶ ግራና ቀኙን ተሰልፏል፤ ጣሪያ ላይ የወጡ አሉ፣ የአልጋ ልብስ እያውለበለቡ የሚሮጡ አሉ። ሦስት ዓመት ያልመጣ ነገር እየመጣ ነው። ሠላሳ ስምንቱ ላለማየት ሞከሩ። አንዱ «ያቻት እናቴ» አለ ሳያውቀው። እጃቸውን አሳርፈዋል፤ አንድም ያነሣ የለም። ሰሌዳቸው ግን ከፊት እስከ ኋላ ቀይ ነው።

«ሠላሳ ዘጠኝ መንገደኞች አልተቆጠሩም» አለ ድምፁ። «እባክዎ ይረጋጉና እንደገና ይሞክሩ።»

ሠላሳ ዘጠነኛዋ ሶልያና ነበረች።

ወይዘሮ ቢታንያ ዓይናቸውን ጨፍነው በአፍንጫቸው ተነፈሱ። ቀይ። ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፤ ጸሎት ይሁን ቁጥር አይታወቅም። ቀይ። ጋሽ ያፌት ቀኝ እጃቸውን በግራ እጃቸው ተጭነው ይዘውታል።

«ጋሼ፣ እሺ ብለዋል አይደል?» አለች ሶልያና።

«ብያለሁ ልጄ። በእግዚአብሔር ብያለሁ።»

«ታዲያ ይረጋጉ!»

«እየሞከርኩ ነው።»

«ተረጋጉ!» ብላ ወደ ኋላ ጮኸች። «ሁላችሁም! ስለ ፈጣሪ ተረጋጉ!»

በጩኸቷ ማሳያው መቶ አራት የነበረው ወደ ዘጠና ሰባት ወረደ።

መንኰራኩሮቹ አራት ሰዓት ከሃምሳ ሁለት ላይ መሬት ነኩ። የውጭው እልልታ በመስኮቱ መስታወት በኩል ደብዘዝ ብሎ ገባ። ውስጥ ያለ ማንም አልመለሰውም። ሰሌዳዎቹ በአንድ ጊዜ ጠፉና ግራጫ ሆኑ፤ አውሮፕላኑ መንገደኞቹን ስለ ትዕግሥታቸው አመሰገነ። በሩ ተከፈተ፤ ሙቀትና የገለባ ሽታ ገባ። ሰዎች ቀስ በቀስ ተነሥተው፣ ሶልያና አጠገብ ሲደርሱ ድምፃቸውን እየቀነሱ ወረዱ።

ጋሽ ያፌት አልተነሡም። ከተማቸው በር ላይ ቆሞ ስማቸውን እየጠራ፣ እሳቸው በጠፋው ሰሌዳ ላይ እጃቸውን እንዳሳረፉ ተቀምጠዋል።

«አሁንኮ ተረጋግቻለሁ» አሉ። «ልጄ፣ እይው፤ አሁን ተረጋግቷል።»